ግራጫዋ ድመት ምን ዘር ናት?

ቀያሹ ከመስክ ሥራ የሚመጣው ማክሰኞና ቅዳሜ ነው። መምህርቷ በእነዚህ ዘጠኝ ዓመታት አንድም ቀን ሳታበስል ጠብቃው አታውቅም። ኮቱንም ከትከሻው ተቀብላ የምትቦርሸው ራሷ ናት።

አንድ ማክሰኞ ብሩሹ ላይ ግራጫ ፀጉር አገኘች።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«የድመት ይመስላል» አለ ጫማውን እየፈታ። «መስክ ላይ የማይጠጋን እንስሳ አለ ብለሽ ነው?»

ድመት እናሳድግ ብላ ስንቴ ለምናዋለች። ያስነጥሰኛል ብሎ ነው የከለከላት። ያን ቀን ግን አንዴም አላስነጠሰውም።

ስልኩ ጠራ። እንደ ልማዱ በረንዳ ወጥቶ፣ በሩን ዘግቶ አናገረ። ተመልሶ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ትቶ ሊታጠብ ገባ።

መምህርቷ የሰው ዕቃ መበርበር ነውር ነው እያለች ተማሪዎቿን የምትቆጣ ሴት ናት። ስልኩን ግን ከፈተችው። ግራጫ ድመት፣ የሴት ጭን ላይ። የሴትየዋ ፊት አይታይም፤ ቀይ የተቀባ ጥፍሯ ብቻ።

የራሷን ጥፍር አየችው። ጠመኔ ገብቶበታል። ደሟ ፈላ። ፎቶውን ወደ ስልኳ ላከችና መላኳን የሚያሳየውን አጠፋች።

ድመቷ ተራ የሰፈር ድመት ከሆነች የማንም ልትሆን ትችላለች። ዘሯ ብርቅ ከሆነ ግን ባለቤቷን ማግኘት አይከብድም። በማግስቱ ከክፍል እንደወጣች በቀጥታ ወደ እንስሳት ክሊኒክ ሄደች።

«ዶክተር፣ ይቅርታ… አንዲት ጓደኛዬ የዚችን ድመት ዘር ማወቅ ፈልጋ ነው» አለች ፎቶውን እያሳየች፣ አንገቷን ደፍታ።

«ጓደኛሽ ናት ወይስ አንቺ?» ሳቁ አዛውንቷ ሐኪም፣ መነጽራቸውን እያጠለቁ። «እስቲ… ዓይኗ አረንጓዴ፣ የፀጉሯ ጫፍ ብር የመሰለ። የሩሲያ ሰማያዊ ትባላለች።»

«ግራጫ አይደለችም እንዴ?»

«ናት እንጂ! ድመት አርቢዎች ግራጫውን ነው ሰማያዊ የሚሉት። ምን ታደርጊያቸዋለሽ?»

«እዚህ ከተማ ብዙ አሉ?»

«የት ተገኝታ ልጄ! አንዲት ናት። ባለፈው ወር ራሴ ነኝ የከተብኳት።»

መምህርቷ ለባለ ቀይ ጥፍሯ የምትላትን ሌሊቱን ሙሉ ስትደረድር ነው ያደረችው፤ አታፍሪም? የሰው ሰው አትነጥቂ!

«የማን ናት?» አለች ቀስ ብላ።

«የአንድ ቀያሽ ሚስት አለች፣ የሷ ናት። ለተጋቡበት ሃያኛ ዓመት እሱ ነው የሰጣት፤ ምነው ባል ሁሉ እንደሱ በሆነ!»