ግድግዳ ላይ የሰቀልናቸው ወንበሮች

በሙሉ አቅሙ የማይሠራ ገበሬ መሬቱን ይነጠቅ የሚል ሕግ ከወጣ ወዲህ፣ ቤታችን ውስጥ ተቀምጦ የሚበላ የለም። እጃችን ላይ ያሰሩልን አምባር ትንሽ ካረፍን ይጮኻል። ወንበሮቻችንን ግድግዳ ላይ ሰቅለናቸዋል። ይህን ሕግ ያረቀቀው ሰው እርሻ በዓይኑ አይቶ አያውቅም!

ዛሬ ዝናቡ እያባራ ሳለ ተቆጣጣሪው ምህረተአብ መጣ። ባለቤቴ ዘርፈሽዋል እርከኑ ላይ ቆማ ጎርፉን ትመለከታለች፤ አምባሯ ይጮኻል።

«ወይዘሮ ዘርፈሽዋል፣ ግማሽ ሰዓት ሙሉ ቆመዋል። መሬቱ እንዲወሰድ ልጽፍ ነው።»

«ቆይ እስቲ፣ የውሃውን አካሄድ እያየሁ ነው።»

«ቆሞ ማየት ሥራ ነው እንዴ?»

«ያንተስ ሥራ ምንድን ነው ታዲያ?»

ወዲያው ጎንበስ ብላ ከካቡ ጥግ አንድ ድንጋይ አነሳች። ካቡን ሊንደው የደረሰው ጎርፍ በተከፈተለት በኩል ወደ ቦዩ ታጠፈ። አንዲት ቡቃያ እንኳ አልተነካችም።

ምህረተአብ አፉን ከፍቶ ሲያይ የራሱ አምባር መጮኽ ጀመረ።

«አንተን ደግሞ ማን ይጻፍህ?» አልኩት።

ሳቁን መቆጣጠር አቃተው። መዝገቡ ላይ «ሥራ ላይ ናቸው» ብሎ ጻፈና ወደ እኔ ዞረ።

«ጎርፉ እስኪያልፍ ልይ። ወንበር አላችሁ?»

ሦስት አወረድኩ። አቧራቸውን አራገፍኩና አምባሮቻችን እየጮኹ ጎን ለጎን ተቀመጥን።