የቃሪያ ፍሬ

የባቡር ጥገና ክፍሉ አለቃ እትዬ የውብዳር፣ ልጃቸውን ሶልያናን ይዘው ሳይሰናበቱ ከሄዱ ሦስተኛ ቀናቸው ነው። ሥራው ግን አልተስተጓጎለም፤ አንድ ብሎን እንኳ አልላላም። ከሠራተኞቹ አንዱ የሆነውን በላቸውን የከነከነውም ይኸው ነው። ደንቡን ሁሉም ያውቀዋል። አለቃ ድንገት ሲለቅ፣ ቡድኑ እንዳይበተን አለቃው የሚያውቀው ሁሉ ከነልማዱ ተቀድቶ ከሠራተኞቹ በአንዱ ጭንቅላት ውስጥ ይቀመጣል። በማን ጭንቅላት እንደሆነ ግን ለማንም አይነገርም።

ምሳ ሰዓት ላይ አምስቱም ሠራተኞች አንድ ትሪ ከበቡ። እትዬ የውብዳር ቃሪያ ሲበሉ ፍሬውን በጥፍራቸው እየለቀሙ ጠርዙ ላይ ይደረድሩ ነበር። በላቸው ዓይኑን ከባልደረቦቹ እጅ ላይ አልነቀለም። ሙሉሰው ቃሪያውን አንስቶ እንዳለ ገመጠው።

«ምን ታፈጥብኛለህ? ብላ እንጂ!»

«አልራበኝም» አለ በላቸው። ይሄ ሰውዬ እንዳይነቃበት አውቆ ነው የገመጠው ሲል አሰበ።

አመሻሹ ላይ ቤቱ ገብቶ እየተስገበገበ ሲበላ፣ ሙሉሰውን እንደጠረጠረው ለባለቤቱ ለአስናቀች አወራላት። እሷ ግን የምታየው እጁን ነበር።

«በላቸው፣ ከመቼ ወዲህ ነው የቃሪያ ፍሬ የምትለቅመው?»

ጎንበስ ብሎ አየ። ፍሬዎቹ በሳህኑ ጠርዝ ላይ ተደርድረዋል። ድንጋጤውን ለመሸሸግ ጉርሻ ጠቅልሎ ወደ ልጁ ዞረ።

«ነይ ሶልያና፣ ላጉርስሽ።»

የአራት ዓመቷ ቤተል አፏን አልከፈተችም። ዞር ብላ የተጠራችውን ልጅ ከኋላዋ ፈለገች።