ሰማንያ ሺህ የሚያወጣ ዳቦ

በአንድ ሽታ ላይ የተንጠለጠለው ሂሳብ ሰማንያ ሺህ ነበር። ቤቱ ካልሸተተ ሦስት መቶ ሺህ ያወጣል። ከሸተተ ሁለት መቶ ሃያ፣ ያውም ገዥው ጉንፋን ከያዘው።

ሻጩ የቧንቧ ሠራተኛ ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት የሰው ቤት ሲጠግን ኖሮ፣ የራሱ መታጠቢያ ቤት ወለል ሥር የፍሳሽ ቱቦው ተሰንጥቋል። ሸክላ ሠሪ በገል ትበላለች። ወለሉን ቆፍሮ፣ ግድግዳውን አፍርሶ ለመጠገን ሰባ ሺህ ይፈጃል። ይህን ዋጋ ለደንበኞቹ ሲናገር ድምፁ ተንቀጥቅጦ አያውቅም። ለራሱ ሲነግረው ግን ወገቡን ያዘው።

«ቱቦውን ቀይረው» አለች ሚስቱ።

«ዳቦ ይረክሳል።»

በሥራው አንድ ነገር ታዝቧል። ሰው ቤት ሲገባ ከእግሩ በፊት የሚገባው አፍንጫው ነው። አፍንጫው ከጠገበ ዓይኑ ብዙ አይመራመርም።

ስለዚህ ረጅም ዳቦ ገዝቶ፣ ታችኛው ቅርፊት ሳይቆረጥ በአሥራ ሁለት ቁራሽ ሰነጠቀው። ነጭ ሽንኩርቱን ከጨው ጋር ወቅጦ በለሰለሰ ቅቤ አሸው፤ ፐርሰሜሎ ከትፎ ጨመረበት፤ በየስንጥቁ ቀባው። በፎይል ጠቅልሎ አሥር ደቂቃ፣ ፎይሉን ከፍቶ አምስት ደቂቃ። ገዥው ደወል ሲደውል የኦቨኑ በር መከፈት አለበት። አንድ ደቂቃ ከቀደመ ሽታው ይባክናል፤ አንድ ደቂቃ ከዘገየ ቱቦው ይቀድመዋል።

ለመለማመድ ብቻ ሰባት ዳቦ ፈጀ። ጣቱን በሎሚ ቢያሽ፣ በጨው ቢፈትግ፣ ነጭ ሽንኩርቱ አልለቅ አለው። ሸሚዙም ትራሱም ያንኑ ሸተተ። የሚጠጣው ሻይ ሳይቀር ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት አለው።

«ዛሬ አልጋ ላይ ስትወጣ በፎይል ተጠቅልለህ ና» አለችው ሚስቱ።

መዘግየት አልቻለም። ለሚገባበት ቤት ሠላሳ ሺህ ቀብድ ከፍሏል፤ እስከ ወሩ መጨረሻ ቀሪውን ካላመጣ ቀብዱ ይበላል። ያንን ቤት እንደ ድል ነው የሚያወራው። የቤቱ ባለቤት ጡረታ የወጣች አዋላጅ፣ ብቻዋን የምትኖር አሮጊት ናት። ሚስቱ ዳቦ ስትጠብቅ እሱ ሁለት ጊዜ ሄዶ አራት ቁራሽ የብርቱካን ኬክ አተረፈ፣ በትኩሱ።

«ብላ የኔ ልጅ፣ ከስተሃል» አለችው አዋላጇ።

ከነሳህኑ ክፍሎቹን ዞረ። እያላመጠ ከዋጋው ላይ አሥራ አምስት ሺህ ሲያስቀንሳት አንዴም አልተከራከረችውም። አሳዘነችው፤ እስከ አጥሩ በር ድረስ።

ወደ እሱ ቤት የመጡት የመጀመሪያዎቹ ሦስት ገዥዎች ዳቦውን በልተው፣ አመስግነው ሄዱ። አራተኛው ልብስ ሰፊ ነው፤ እናቱን ይዞ መጣ። እናትየው ገና ከደጅ አፍንጫዋን አስቀድማ ነው የገባችው።

«እቺ ሴትዮ አትሆንም» አለች የቧንቧ ሠራተኛው ሚስት በሹክሹክታ። «እባብ ለእባብ ይተያያል ካብ ለካብ።»

«ዝም ብለሽ ኦቨኑን ክፈቺ።»

ልብስ ሰፊው ጣሪያውን አየ፣ መስኮቱን በስንዝር ለካ። እናትየው ግን በቀጥታ ሄዳ መታጠቢያ ቤቱ በር ላይ ቆመች። አንዴ በአፍንጫዋ ሳበች። ደግማ ሳበች።

«አንድ ነገር ይሸታል» አለች።

የቧንቧ ሠራተኛው ሰማንያ ሺሁ በዚያው ስንጥቅ ሲወርድ ታየው።

«ም... ምን ይሸታል እማማ?»

«ቅቤው በዝቷል።»

«እማዬ!» አለ ልብስ ሰፊው አፍሮ። «ይቅርታ ጋሼ፣ አንዳንዴ እንዲህ ነች።»

«ምን እማዬ ትለኛለህ? የተሰማኝን ነው። ነጭ ሽንኩርቱ ግን ልክ ነው። አምጣው እስቲ፣ ሳይቀዘቅዝ።»

ተቀምጣ ስድስት ቁራሽ በላች። የቧንቧ ሠራተኛው ቆጠረ፤ በቁራሽ አሥራ ሦስት ሺህ ከምናምን መጣለት። በሕይወቱ እንዲህ በውድ የሸጠው ነገር የለም።

«ግዛው» አለች ለልጇ አፏን እየጠረገች። «እንዲህ የሚሸት ቤት ውስጥ ሰው አይጣላም።»

ሦስት መቶ ሺህ። ሳይጎድል። ውሉ የተፈረመው ፍርፋሪው ካልተጠረገ ጠረጴዛ ላይ ነው።

ረቡዕ ዕቃቸውን ጭነው አዲሱ ቤት ገቡ። አዋላጇ ቁልፉን ኬክ ላይ አስደግፋ ትታላቸው ሄዳለች። ኬኩ ገና ይሞቃል።

«ደግ ሴት» አለች ሚስቱ ልቧ ተነክቶ።

«ደግ መሆን ያከስራል» አለ እሱ።

ሁለት ቀን ኬኩን እየበሉ ዕቃ ፈቱ። ቅዳሜ ጠዋት፣ ኬኩ ባለቀ ማግስት፣ የቧንቧ ሠራተኛው ወረቀትና ብዕር ይዞ አዲሱ ወጥ ቤት ተቀመጠ። ትርፍ፦ ከልብስ ሰፊው ሰማንያ ሺህ። ከአዋላጇ አሥራ አምስት ሺህ። ወጪ፦ አሥራ አንድ ዳቦ፣ ሁለት ኪሎ ቅቤ፣ ሃያ ስድስት ራስ ነጭ ሽንኩርት፤ ተደምሮ አምስት መቶ እንኳ አይሞላም። ከዚያ «ኪሳራ» ብሎ ጻፈና አሰበ፤ የሚያስገባው ስላጣ ባዶውን ተወው።

ጣቶቹን አሸተተ። ነጭ ሽንኩርቱ በመጨረሻ ለቅቋል። ደስ ብሎት የአዲሱን ቤት አየር በረጅሙ ሳበ።

«አንተ ሰውዬ» አለች ሚስቱ ከመታጠቢያ ቤቱ፣ አፍንጫዋን እንደያዘች፣ «ነጭ ሽንኩርት ስንት ራስ ቀርቶሃል?»