የዙለይሃ እንግዳ

ዙለይሃ ከሪያድ ተመልሳ ሐይቅ ከተማ አንድ ክፍል የተከራየችው ጦርነቱ ባበቃ ሰሞን ነው። ጠያቂ እንደሌላትና ብቻዋን እንደምትበላ አከራይዋ ቢያውቁባት ስለምታፍር፣ ምሳ ባቀረበች ቁጥር በሯን ዘግታ ጮክ ብላ «ብዪ እንጂ፣ በሞቴ» ትላለች።

ዛሬ አከራይዋ እትዬ ባንቺአየሁ ከተዘጋው በር ውጪ ቆመው፣ «ዙሊ፣ እንግዳሽን አንድ ቀን እንኳ አታስተዋውቂኝም?» አሏት።

«ሰው ታፍራለች፣ እትዬ» አለች ዙለይሃ። ፊቷ ጋለ።

አሁንም እንዲሰሙላት፣ «እንኪ፣ ጉረሺልኝ» ብላ ጉርሻውን ወደ ባዶው በርጩማ ዘረጋች። ለብ ያለ ከንፈር ጣቶቿን ነካ፤ እጇ ባዶውን ተመለሰ።

«አንድ ጉርሻማ ያጣላል» አለ ከበርጩማው በኩል የሴት ድምፅ።

እትዬ ባንቺአየሁ ከውጪ ሳቁ። «እውነቷን እኮ ነው፤ ድገሚላት እንጂ።»