የገመዳ ካርድ

ተካልኝን አይቶ ምሳውን በሰላም የበላ ሰው አልነበረም። የትንሿ ጣቱን ጥፍር አሳድጎ ጆሮውን ይጎረጉርበታል፤ በዚያው ጣት ደግሞ የሕመምተኞችን ካርድ ይገልጣል። ከወሎ ሰፈር ወደ ቦሌ ሲኬድ በሚገኝ የቁስለኞች ማገገሚያ የካርድ ክፍል ጸሐፊ ነበር።

ሥራው ሐኪሙ በፈረንጅኛ የሞነጫጨረውን ወደ ቁጥር መለወጥ ነው። የተሰበረ አከርካሪ ከዳነ አርባ አንድ፣ ስድስት ወር አልፎት አጥንቱ ካልገጠመ አርባ ሁለት። የሐኪሙን ጽሕፈት የሚያነብ የለም። የጦሩ የሕክምና ቦርድ የሚያየው ቁጥሩን ብቻ ነው።

ማሚቱ ይህን የሰማችው በ1977 ዓ.ም. ግንቦት ላይ፣ የማገገሚያውን አንሶላ ከምታጥበው ከጎረቤቷ ከአሰገደች ነው።

«አርባ ሁለት የተጻፈለት ውትድርናው ይቀርለታል አሉ» አለቻት አሰገደች። «አርባ አንድ ከተጻፈበት ግን የአንድ ወር ፈቃድ ይሰጡትና ተመልሶ ግንባር ነው። ያ ጥንብ ደግሞ ለሁሉም አርባ አንድ ነው የሚጽፈው። ከሄዱት ውስጥ አንድ እንኳ ደህና ነው ሲባል ሰምቼ አላውቅም።»

የማሚቱ ባል ገመዳ የጦር መኪና ሹፌር ነበር። መኪናው ገደል ገብቶ ወገቡ ከተሰበረ ስምንት ወር ሆነው። ከብብቱ እስከ ዳሌው በጀሶ ታሽጎ ተኝቷል። ጀሶው ውስጥ ቅማል ገብቶበት ማሚቱ በኪሮሽ ታክለታለች። ክፍሉ መግል መግል ይሸታል። ሐኪሙ እሷ ፊት «አጥንቱ አልገጠመም» ብሏል። ይህን ሰው ተነሥና መኪና ንዳ ብሎ ግንባር መላክ ማሰቡ ራሱ ያቅለሸልሻል።

በኒዶ ጣሳ ማር ይዛ ካርድ ክፍል ገባች። ክፍሉ ውስጥ ሁለት ጠረጴዛ አለ። በአንዱ ተካልኝ፣ በሌላው የማገገሚያው ካድሬ ጓድ ወልደጻድቅ ጋዜጣ ዘርግቶ ተቀምጧል። ተካልኝ ጣሳውን ከፈተና ያንኑ ጣቱን ነክሮ ላሰው። ማሚቱ ፊቷን አዞረች።

«ባልሽ ድኗል» አላት።

«ሐኪሙ አልገጠመም ብሏል እኮ፣ ጋሼ። በጆሮዬ ነው የሰማሁት።»

«ድኗል አልኩሽ!» ክፍሉን በጩኸት ሞላው። ከዚያ ጣቱን በሱሪው ጠረገና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «አገሩ የት ነው?»

«ባሌ። ከጎባ አልፎ የአንድ ቀን የእግር መንገድ።»

«መኪና አይገባም?»

«አይገባም።»

«ጥሩ። የፈቃዱን ወር እናቱ ጋ ውሰጂው። በቃሬዛም ቢሆን ውሰጂው። ያገሩ አየር ይሻለዋል።»

ወገቡ የተሰበረን ሰው ተራራ አውጪው እያለ ይቀልድባታል! ተካልኝ እያየችው ካርዱ ላይ አርባ አንድ ጻፈ፤ ማሩንም መሳቢያው ውስጥ ከቶ ቆለፈበት።

«ማሬን በልቶ ባሌን ሊያስበላ!» አለች ለአሰገደች፣ እንባዋ እየወረደ።

«ካድሬው አለልሽ አይደል» አለቻት አሰገደች። «እሱ እንኳ ሰው ያከብራል።»

በማግስቱ ተካልኝ ለምሳ እስኪወጣ ጠብቃ ገባች። ጓድ ወልደጻድቅ ብድግ ብሎ ወንበር ሳበላት። ጥፍሩ ንጹሕ፣ ካኪ ልብሱ የተተኮሰ ነው። ከእሱ ፊት መቀመጥ ብቻውን እፎይ ያሰኛል።

«ስንት ወር ሆነው ያልሽኝ፣ እህቴ?»

«ስምንት፣ ጓድ።»

«አልገጠመም?»

«ሐኪሙን ይጠይቁልኝ።»

ሐኪሙ ተጠራ። ማሚቱን ትክ ብሎ አያት፤ ከዚያ መሬት መሬቱን እያየ «አዎ፣ አልገጠመም» አለ። ወዲያው ወጣ። ጓድ ወልደጻድቅ አርባ አንዱን በቀይ ሰረዘና አርባ ሁለት ጻፈበት።

«እንዲህ የተደረጉ ሌሎችም አሉ?»

«ሁሉም ናቸው፣ ጓድ! አሰገደችም ታውቃለች!»

«ጎበዝ» አላት። «እንዳንቺ ያለ ንቁ ሰው ነው የምንፈልገው።»

ማሚቱ ጉልበቱን ልትስም አጎነበሰች፤ አይሆንም ብሎ በሁለት እጁ አነሣት።

ስትወጣ በር ላይ ከተካልኝ ጋር ተገጣጠመች። ጠረጴዛው ላይ የተዘረጋውን ካርድና ቀዩን ቁጥር ሲያይ ፊቱ አመድ መሰለ።

«ምን አደረግሽ?» አላት።

እስከዚያ ቀን አንቱ ስትለው ኖራለች። «ስንቱን ቤት ዘጋህ፣ አንተ ቆሻሻ!» አለችና ጫማው ላይ ተፋች። ተካልኝ ምራቋን ሳይጠርግ ቆሞ ቀረ።

ዓርብ ዕለት ጠዋት የታጠበ ጋቢ ይዛ፣ ኦሎምፒያ ካለ ጋራዥ አንድ ፒክአፕ ለምና መጣች። ሹፌሩ ገመዳን አስተኝቶ ለመውሰድ ኋላው ላይ ፍራሽ አንጥፎላታል። በዚያ ሰሞን እንዲህ ስትስቅ ያያት አልነበረም።

ገመዳ አልጋ አጠገብ ጠመንጃ የያዙ ሁለት ወታደሮች ቆመዋል። ማሚቱ ሊሸኙት የመጡ መስሏት ጎንበስ ብላ እጅ ነሣች።

«ይህ ገመዳ ነው?» አለ አንደኛው።

«አዎ፣ ባለቤቴ ነው። አርባ ሁለት ተጽፎለታል።»

ወታደሩ የቁጥሮቹን መመሪያ ከኪሱ አወጣና ጮክ ብሎ አነበበ፦ «አርባ ሁለት፤ ከግንባር ለመሸሽ አጥንቱ እንዳይገጥም ራሱን ሆን ብሎ ያሰናከለ ከሃዲ፤ አብዮታዊ እርምጃ ይወሰድበት።»