መጤ ያልተባለው ዛፍ

የዛፍ መዝጋቢው ዩስሪዛል ሲያወራው ቀኑ ሐሙስ ነበር ይላል፤ ረቡዕም ሊሆን ይችላል። ማስታወሻ ደብተሩን ዝናብ ስላገኘው ቀኑ ጠፍቷል፣ እሱም ባላረጋገጠው ነገር አይምልም። እርግጠኛ የሆነው በአንድ ነገር ነው፤ ከክሩዊ ከተማ በሞተር ብስክሌት ተነሥቶ ዋይ ሙንታ መንደር ሲደርስ፣ መዝጋቢ መጣ የሚለው ወሬ ቀድሞት ደርሶ ነበር።

ባለፈው ዓመት ከወንዙ ማዶ ወዳለው መንደር ሌላ መዝጋቢ መጥቶ በአንዳንድ ዛፎች ስም ፊት ለፊት አንድ ቃል ጽፎ ሄደ። በወሩ መጋዝ የያዙ ሰዎች መጥተው አንድ ሳያስቀሩ ቆረጧቸው። ቃሉ «አድቬንቲቭ» ነው። ከሌላ ስፍራ መጥቶ መብቀል የጀመረ፣ ገና ግን አገሩን ያልለመደ ዝርያ ማለት ነው። የዋይ ሙንታ ሰዎች ግን ይህን ሁሉ ማለት አላስፈለጋቸውም። «መጤ» አሉት።

«ይሄ ነው መጋዙ?» አለ ሻህሪል የሚባል ጎልማሳ፣ በዩስሪዛል ጆሮ ላይ የተሰካውን እያየ።

«እርሳስ ነው።»

«የባለፈውም እርሳስ ነበር የያዘው።»

«አንተ፣ እንግዳውን ተወው» አሉ አክስቱ እማማ ማይሳሮህ። «መጀመሪያ እህል ይቅመስ።»

እማማ ማይሳሮህ ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ዳማር ከሚባለው ዛፍ ሙጫ እያወጡ የሚኖሩ ሴት ናቸው። ሩዝ በተጠበሰ ዓሣ አቀረቡለት። ዩስሪዛል እጁን ሊታጠብ ወደ ጓሮ ሲወጣ፣ በወተት ቆርቆሮዎች ውስጥ ተደርድረው የቆሙ ችግኞች አየ። እማማ ማይሳሮህ ተከትለውት ወጥተው ሰፌድ ደፉባቸው።

«ቃሪያ ነው» አሉ፣ ሳይጠየቁ።

እሱ በደብተሩ ምንም አልጻፈም።

ወደ ዛፎቹ ሦስቱም አብረው ሄዱ። ከውጭ ለሚያየው ጥቅጥቅ ያለ ደን ነው፤ ጨለም ያለ፣ ሐረግ የተጠላለፈበት፣ ከላይ ወፎች የሚጮኹበት። ሻህሪል ገመዱን ከወገቡና ከግንዱ ጋር አዙሮ፣ ሙጫ ለማውጣት በተበሳው በተበሳው ቀዳዳ እየረገጠ ወጣ።

«እማማ፣ እነዚህን ማን ተከላቸው?» አለ ዩስሪዛል።

«አላህ። አያቶቻችን ሲወለዱም እዚሁ ነበሩ።»

«ያኛውስ?»

«ያኛው እንኳን የሠርጌ…» ብለው ቆሙ። «በሠርጌ ጊዜም እንዲሁ ትልቅ ነበር።»

«አክስቴ ለዛፉ ዕድሜ ስትጨምር ከራሷ ነው የምትቀንሰው» አለ ሻህሪል ከላይ።

«አንተ ሙጫህን ልቀም።»

ዩስሪዛል በዛፎቹ መካከል ያለውን ርቀት በእርምጃ ለካ። ሰባት። ሰባት። ዘጠኝ። ሰባት። ተሳስቼ ይሆናል ብሎ ተመልሶ ለካ፤ ያው ነው። ዛፎቹን ሰው እንደተከላቸው፣ ሴትዮዋም እንደሚዋሹት ገባው። ሊሞላ የያዘው ቅጽ ላይ ሦስት ሳጥኖች ነበሩ፤ ነባር፣ ተላምዶ የቀረ፣ አድቬንቲቭ። አለቃው ደግሞ፣ «የሰው እጅ አለበት ብለህ ከጠረጠርክ ሦስተኛው ላይ አድርግ» ብሎት ነበር።

«ልጄ» አሉ እማማ ማይሳሮህ። «እነዚህ ከተቆረጡ እኔ ወዴት ነኝ? ከእነሱ ሌላ የምበላበት የለኝም።»

መዋሸት አልፈለገም። ተንበርክኮ ከአንዱ ዛፍ ሥር ቅጠሉን ገለጥ ገለጥ አደረገ። በወደቀው ፍሬ መካከል አንድ ጣት የሚያህሉ ችግኞች፣ ማንም ሳይነካቸው፣ በቅለዋል። የመመሪያውን ገጽ አውጥቶ አነበበ፤ መልሶም አነበበ። ነባር ማለት በገዛ አገሩ ያለ፣ ራሱን በራሱ የሚተካ ዝርያ ነው ይላል። ዳማር የዚሁ አገር ዛፍ መሆኑን ያውቃል። ራሱን ሲተካም ይኸው አየ። ቅጹ ላይ ማን ተከለው የሚል ጥያቄ የለም።

«ዝርያው ነባር ነው» አለ። «በራሱ ይበቅላል።»

«እንደሱ ብለህ ጻፋ» አሉ እማማ ማይሳሮህ።

«ብቻዬን ያልኩት እንዳይመስል እፈራለሁ።»

«ምስክር ነው የቸገረህ? ሁላችንም እንፈርማለን።»

የመንደሩ አርባ ሦስት አባወራዎች ከሰዓት በኋላ መስጊዱ በረንዳ ላይ ተሰበሰቡ። ዩስሪዛል እነሱ ያሉትን ባጭሩ ጻፈላቸው፤ እነዚህን ዛፎች ሰው አልተከላቸውም፣ በራሳቸው የበቀሉ ናቸው። ጮክ ብሎም አነበበላቸው። አንድ ሽማግሌ፣ «እኔ ራሴ እኮ…» ብለው ሲጀምሩ፣ ጎናቸው ያለው ሰው ክንዳቸውን ያዘ። ሽማግሌው ፈረሙ።

«አውራ ጣቴ ሙጫ ነው» አለ ሻህሪል ተራው ሲደርስ። «ወረቀቱ አልላቀቅ ቢልህ እኔንም አብረህ ውሰደኝ።»

ሰዎቹ ሳቁ። ከመጣ ወዲህ ሲስቁ ሲሰማ ያን ጊዜ የመጀመሪያው ነበር። እማማ ማይሳሮህ ዱሪያን የሚባለውን እሾሃማ ፍሬ፣ አንድ ትልቁን፣ በገመድ አስረው ከሞተሩ ኋላ አንጠለጠሉለት።

«እናት እንዳንተ ያለውን ትውለድ» አሉት። «እርሳስህ ይባረክ።»

ወረቀቱን ከቅጹ ጋር አያይዞ ለቢሮው አስረከበ። ከሦስቱ ሳጥኖች በመጀመሪያው ላይ ምልክት አድርጓል፤ ሲያየው ስህተት አላገኘበትም።

ዛፎቹ ዛሬም ቆመዋል። መጋዝ የያዘ ሰው አልመጣባቸውም።

ሰው የተከለው ዛፍ ከነመሬቱ የተካዩ እንደሚሆን፣ በራሱ የበቀለ ግን የመንግሥት ደን እንደሆነ ዩስሪዛል ከሕጉ አንብቦ ያረጋገጠው፣ አርባ ሦስቱ አባወራዎች በፈረሙት ወረቀት ምክንያት በመኪና ተጭነው ከዋይ ሙንታ ከተወሰዱ ከዘጠኝ ወር በኋላ ነው።