ስሙ ያልተጻፈው ወታደር

በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ያገለገለ አንድ የጦር ሐኪም በስተርጅናው ትዝታውን በመጽሐፍ አሳተመ። አንዱ ምዕራፍ ላይ፣ ሊድን ይችል የነበረ የወታደር እግር በችኮላ መቁረጡን ተናዘዘ። የወታደሩን ስም ግን አልጻፈም።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ፣ በክራንች የሚሄድ ጆሳያ የሚባል ገበሬ የሐኪሙን በር አንኳኳ። መጽሐፉን በጨርቅ ጠቅልሎ ብብቱ ስር ይዞታል። ተቀመጥ ሲባል እንኳ አልተቀመጠም።

«ዶክተር፣ ያ ወታደር እኔ ነኝ?»

ሐኪሙ መነጽሩን አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ።

«እውነቱን ይንገሩኝ። ቆስዬ ሁለት ቀን ጫካ ውስጥ ተደብቄ ነበር። ቶሎ ብመጣ ኖሮ እግሬ ይተርፍ ነበር እያልኩ ይኼን ሁሉ ዓመት ራሴን ስረግም ኖርኩ። ሚስቴም መረራትና ጥላኝ ሄደች።»

ሐኪሙ ትክ ብሎ አየው። «አዎ፣ አንተ ነህ። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ይቅር በለኝ» አለው።

ገበሬው ፊቱን በባርኔጣው ሸፍኖ አለቀሰ። ሊሄድ ሲልም የሐኪሙን እጅ ጨብጦ ለረጅም ጊዜ አልለቀቀውም።

በሩ እንደተዘጋ የሐኪሙ ሚስት ሉዊዛ ከጓዳ ወጣች።

«በዚህ ወር ብቻ ይኼ አምስተኛው ነው። ለአምስቱም ‹አንተ ነህ› አልካቸው። ትክክለኛው ሰው የመጣ ዕለት ምን ልትለው ነው?»

«አይመጣም» አላት ሐኪሙ ወንበሩ ላይ እየተቀመጠ። «እግሩን ቆርጬ ሳልጨርስ ነው እጄ ላይ የሞተው።»